የነፍስ ግድያ ይግባኝ፦ የማስረጃውን ስንጥቅ ከመዝገቡ ውስጥ ማውጣት

በነፍስ ግድያ የተፈረደበት ሰው ቤተሰብ ቢሮዬ ሲመጣ አብዛኛውን ጊዜ በእጁ የሚይዘው ፍርድ ቤት በር ላይ ራፖር ጸሐፊ ያዘጋጀለትን ሁለት ገጽ ማመልከቻ ነው። «ልጃችን ንጹሕ ነው፤ የሐሰት ምስክር ተነሥቶበት ተፈረደበት፤ ፍትሕ ይሰጠን» ይላል። «የምስክሮቹ ቃል የተመዘገበበት ወረቀት የት አለ?» ስላቸው እርስ በርስ ይተያያሉ። ይግባኝ ሰሚው ዳኛ ልጁን አያውቀውም፤ ምስክሩ ሲንተባተብም አላየም። ከፊቱ ያለው ወረቀት ብቻ ነው። ማስረጃው ደካማ ነው ብሎ መጮኽ ቀላል ነው፤ ድካሙን በገጽና በመስመር ማሳየት ግን ሥራ ይጠይቃል። እዚህ የማስረዳው ያንን ሥራ ነው።

የጻፍኩት ለተፈረደባቸው ሰዎች ቤተሰቦችና የመጀመሪያ የግድያ መዝገባቸውን ለያዙ ወጣት ጠበቆች ነው። የምጠቅሳቸው ቁጥሮች የ1987ቱ ሕገ መንግሥት፣ የ1996ቱ የወንጀል ሕግ እና የ1954ቱ የወንጀለኛ መቅጫ ሥነ ሥርዓት ሕግ አንቀጾች ናቸው። ሕግ ሲሻሻል ቁጥር ይለወጣልና ማመልከቻ ላይ ከማስፈራችሁ በፊት በሥራ ላይ ያለውን እትም ተመልከቱ።

አንደኛ፦ ቀኑን ቁጠሩ

የሥነ ሥርዓት ሕጉ አንቀጽ 187 ሁለት ቀነ ገደብ ያስቀምጣል። ፍርዱ ከተሰጠ በ15 ቀን ውስጥ ይግባኝ እንደምትሉ ለሬጅስትራር (ለፍርድ ቤቱ መዝገብ ቤት ኃላፊ) በጽሑፍ ታስታውቃላችሁ። የውሳኔው ግልባጭ ከደረሳችሁ ደግሞ በ30 ቀን ውስጥ ዝርዝሩን የይግባኝ አቤቱታ ታስገባላችሁ። የተፈረደበት ሰው ማረሚያ ቤት ከሆነ ማስታወቂያውን በማረሚያ ቤቱ አስተዳደር በኩል መስጠት ይችላል። ብዙ ሰው በፍትሐ ብሔር ያለውን 60 ቀን ከዚህ ጋር ይቀላቅላል። «ጎረቤታችን በመሬት ክርክሩ ሁለት ወር ነበረው» እያሉ ጊዜውን ያባከኑ ቤተሰቦች ገጥመውኛል።

ግልባጩን በጽሑፍ ጠይቁ፤ የጠየቃችሁበትና የተቀበላችሁበት ቀን በማኅተም እንዲረጋገጥ አድርጉ። የ30 ቀኑ ቆጠራ የሚጀምረው ከተቀበላችሁበት ቀን ስለሆነ ያች ማኅተም ያላት ቁራጭ ወረቀት ከማንኛውም ክርክር ትቀድማለች። ጊዜው አልፎ ከሆነ በአንቀጽ 191 የማስፈቀጃ ማመልከቻ አለ፤ ነገር ግን መዘግየቱ በይግባኝ ባዩ ጥፋት አለመሆኑን ማስረዳት ያስፈልጋል። «ገንዘብ አልነበረንም» ብቻውን አይበቃም። «ግልባጩን በዚህ ቀን ጠየቅን፣ በዚህ ቀን ተሰጠን፤ ማስረጃው ይኸውና» ይበቃል።

ይግባኙ እስኪታይ በዋስ ይወጣል ብላችሁ ተስፋ አታስቀምጡ። ሰው የሞተበትና 15 ዓመት ወይም ከዚያ በላይ ጽኑ እስራት የሚያስከትል ክስ ገና ከመነሻውም ዋስትና የሚያስከለክል ነው።

ሁለተኛ፦ መዝገቡን ሙሉውን አውጡ

ፍርዱ መዝገቡ አይደለም። ፍርዱ ዳኛው ከመዝገቡ መርጦ የጻፈው ነው፤ ያልመረጠው ነገር ውስጥ ነው የእናንተ ሥራ ያለው። የክስ ማመልከቻው፣ የምስክሮች ዝርዝር፣ ምስክሮች ለፖሊስ የሰጡት ቃል፣ ቀዳሚ ምርመራ ተደርጎ ከሆነ እዚያ የተመዘገበው፣ በችሎት የተሰጠው ምስክርነት፣ የአስከሬን ምርመራ ውጤት፣ የወንጀሉ ቦታ ንድፍና ፎቶግራፍ፣ የኤግዚቢት (በማስረጃነት የተያዘ ዕቃ) መረከቢያ፣ ተከሳሹ ለፖሊስና ለፍርድ ቤት የሰጠው ቃል፣ ዐቃቤ ሕግ አስረድቷል ተብሎ ተከሳሹ «ተከላከል» የተባለበት ብይን፣ የመከላከያ ምስክሮች ቃል፣ ቀጠሮ የተሰጠባቸው ትእዛዞች ሁሉ ያስፈልጋሉ። የችሎት ቃል በድምፅ ተቀድቶ ከሆነ ወደ ጽሑፍ የተገለበጠውን ከድምፁ ጋር ማመሳከር ተገቢ ነው። «አላየሁም» የሚለው «አየሁ» ተብሎ ሲገለበጥ ዓይኔ ያየው ነገር ነው።

ተከሳሹ ራሱ የያዘው ወረቀት ካለ ከማረሚያ ቤት አስወጡ። እስረኞች ከጠበቃ የተሻለ ወረቀት ያስቀምጣሉ።

ሦስተኛ፦ ከክሱ ጀምራችሁ ወደ ፍርዱ አንብቡ

ፍርዱን አስቀድሞ ያነበበ ሰው ምስክሮቹን በዳኛው ዓይን ያነባቸዋል። ስለዚህ ፍርዱን መጨረሻ አድርጉት። አንድ ደብተር ውሰዱና ገጹን በሦስት ከፍላችሁ አስምሩ። በመጀመሪያው ዐቃቤ ሕግ ማስረዳት የነበረበትን ፍሬ ነገር ጻፉ፦ ሰው ሞቷል፤ የሞተው በተጠቀሰው ድርጊት ምክንያት ነው፤ ድርጊቱን የፈጸመው ተከሳሹ ነው፤ ያደረገው አስቦ ነው። በሁለተኛው ያንን የሚናገረውን ማስረጃ ከነገጹ፣ በሦስተኛው ያንኑ ማስረጃ የሚያፈርሰውን፣ እሱንም ከነገጹ።

አንድ መዝገብ ላሳያችሁ። ለማስረዳት ብዬ ያቀናበርኩት ነው፤ ቁርጥራጮቹ ግን ይህን ሥራ ለሚሠራ ሰው ሁሉ የተለመዱ ናቸው። ክሱ ሚያዝያ 12 ቀን ከምሽቱ 3 ሰዓት ላይ ተከሳሹ ሟችን በጩቤ ወግቶ ገደለ ይላል። 1ኛ የዐቃቤ ሕግ ምስክር ችሎት ቀርቦ፦ «በጠላ ቤቱ በር ላይ በተንጠለጠለው አምፖል ብርሃን በደንብ አየሁት፤ ፊት ለፊት ቆሞ ደረቱን ወጋው» አለ። ይኸው ሰው ከአራት ወር በፊት ለፖሊስ ሲናገር፦ «ጩኸት ሰምቼ ስወጣ አንድ ሰው ሲሮጥ አየሁ፤ እሱን መሰለኝ» ብሎ ነበር። የአስከሬን ምርመራው አንድ ቁስል ብቻ ይመዘግባል፤ ከግራ ትከሻ አጥንት በታች፣ ከጀርባ በኩል። ፖሊስ ያነሣው የቦታ ንድፍ ደግሞ አስከሬኑ የተገኘው ከጠላ ቤቱ ጓሮ፣ ከበሩ 18 ሜትር ርቆ፣ ከግድግዳው ማዶ መሆኑን ያሳያል። አምፖሉ ያለው በፊት ለፊት ነው።

ፍርዱ ምን ይላል? «የዐቃቤ ሕግ ምስክሮች የተያያዘና የተደጋገፈ ቃል የሰጡ በመሆኑ…»። ይህችን ዐረፍተ ነገር ስታገኙ ከሥሯ አስምሩ። የተያያዘው ከምን ጋር ነው? በእኛ መዝገብ ምስክሩ ከሐኪሙ ጋር፣ ከንድፉ ጋር፣ ከራሱም ጋር አልተያያዘም። አራቱንም ወረቀቶች ያቀረበው ዐቃቤ ሕግ ራሱ ነው። መከላከያ ምስክር አንድም ሳያስፈልገን ክሱ በገዛ ማስረጃው ተሰንጥቋል።

ምስክሩ ለፖሊስ የሰጠውን ቃል ከችሎቱ ቃል ጋር ለማነጻጸር የሥነ ሥርዓት ሕጉ አንቀጽ 145 በር ይከፍታል። የሥር ፍርድ ቤት ጠበቃ ያንን ጠይቆ ተከልክሎ ከሆነ፣ ክልከላው ራሱን የቻለ የይግባኝ ምክንያት ነው። ሳይጠይቅ ቀርቶ ከሆነ ችግር አለ፤ እመለስበታለሁ።

አራተኛ፦ እያንዳንዱን ማስረጃ በየዓይነቱ መዝኑ

ማስረጃ ሁሉ በአንድ ሚዛን አይመዘንም። ግድያ መዝገብ ላይ ደጋግመው የሚመጡት እነዚህ ናቸው።

የዓይን ምስክር። ርቀቱ፣ ብርሃኑ፣ ያየበት የጊዜ ርዝመት፣ ተከሳሹን ቀድሞ ያውቀው እንደሆነ፣ ስሙን መጀመሪያ የጠራው መቼ እንደሆነ። የመጨረሻው ወርቅ ነው። ገዳዩን በዓይኑ ያየ ጎረቤት በዚያው ሌሊት ለመጡት ፖሊሶች ስም ሳይጠራ ቆይቶ ከሳምንት በኋላ ከጠራ፣ በመካከሉ ምን ሆነ? ለቅሶ ቤት ተቀምጦ ነበር? ለቅሶ ቤት ወሬ እየተባዛ ምስክርነት የሚሆንበት ቦታ ነው። ይህን የምለው በሐዘንተኞች ለማሾፍ አይደለም፤ ሰው አብሮ ሲያለቅስ አብሮ ማስታወስ ይጀምራል።

ለፖሊስ የተሰጠ የእምነት ቃል። ሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 19(5) በማስገደድ የተገኘ ማስረጃ ተቀባይነት እንደሌለው በግልጽ ይደነግጋል። የሥነ ሥርዓት ሕጉ አንቀጽ 27 ደግሞ መርማሪው ተጠርጣሪውን መልስ የመስጠት ግዴታ እንደሌለበትና የሚናገረው ማስረጃ ሊሆንበት እንደሚችል እንዲነግረው ያዛል። አንቀጽ 31 ማስፈራራትን፣ ማባበልንና ተስፋ መስጠትን ይከለክላል። ቀኖቹን ተመልከቱ፦ የተያዘበት ቀን፣ ቃል የሰጠበት ቀን፣ ፍርድ ቤት የቀረበበት ቀን። በ48 ሰዓት ውስጥ መቅረብ የነበረበት ሰው በሰባተኛው ቀን ቀርቦ ቃሉ የተጻፈው በስድስተኛው ቀን ከሆነ፣ ቀኖቹ ራሳቸው ይናገራሉ። የጤና ጣቢያ ካርድ፣ የማረሚያ ቤት የመግቢያ ምርመራ፣ በመጀመሪያው ቀጠሮ «ተደብድቤያለሁ» ብሎ ያስመዘገበው ቃል ካለ ከዚህ ጋር ይያያዛል።

በፍርድ ቤት የተመዘገበ ቃል፣ ማለትም በአንቀጽ 35 የተሰጠው፣ ከዚህ ይጠነክራል። ቢሆንም ዳኛው ቃሉን ከመቀበሉ በፊት በፈቃዱ የሚናገር መሆኑን ጠይቆ ማረጋገጥ አለበት። ጥያቄው መዝገቡ ላይ ከሌለ አንሡት። ያመጣው ፖሊስ ችሎቱ ውስጥ ቆሞ ነበር? ከዚያስ ወደዚያው ፖሊስ ጣቢያ ነው የተመለሰው?

መርቶ ማሳየት። ተጠርጣሪው በካቴና ታስሮ፣ ጣቱን ወደ ቁጥቋጦ ቀስሮ የተነሣው ፎቶግራፍ በብዙ መዝገብ ውስጥ አለ፤ ዳኛንም ይማርካል። ጥያቄው አንድ ነው፦ ፖሊስ ያን ቦታ ቀድሞ ያውቀው ነበር? አስከሬኑ ከሦስት ቀን በፊት ተነሥቶ፣ ንድፍ ተነሥቶለት ካለቀ በኋላ ተጠርጣሪው ቦታውን ቢመራ አዲስ ነገር አልተገኘም። መሪውና ተመሪው ተቀያይረው ይሆናል። ማንም የማያውቀውን ጩቤ ከመሬት ቆፍሮ ካወጣ ግን ጉዳዩ ከባድ ነው፤ ያንን በስድብ አታልፉትም።

ሽምግልና። በዚህ ላይ ቆም ማለት እፈልጋለሁ፤ ብዙ ሰው ያለአግባብ የተፈረደበት እዚህ ላይ ነው ብዬ አምናለሁ። የተከሳሹ ቤተሰብ ሽማግሌ ወደ ሟች ቤት ልኮ፣ «እርቅ ይሁን፣ ካሳ እንክፈል» ብሎ ከሆነ ዐቃቤ ሕግ ሽማግሌዎቹን ጠርቶ «ጥፋቱን አምኗል» ያሰኛቸዋል። ደም መላሽነት ባለበት አገር ግን ሽማግሌ የሚላከው ጥፋተኛ ስለተገኘ ብቻ አይደለም። ወንድም፣ የአጎት ልጅ፣ የስም ተጠሪ የሆነ ሁሉ ነገ መንገድ ላይ እንዳይመታ ነው። የተጠረጠረው ሰው እስር ቤት ሆኖ አባቱ የላከው ሽማግሌ የእሱ ቃል ሊሆን አይችልም። መዝገቡን ስታነብቡ ሽማግሌዎቹን ማን ላካቸው፣ ተከሳሹ የት ነበር፣ በራሱ አንደበት ምን አለ የሚሉትን ለዩ። መልሱ «አባቱ፣ ታስሮ፣ ምንም» ከሆነ ማስረጃው የሚያሳየው ፍርሃትን ነው።

ሽሽትም እንደዚሁ ነው። ከቀበሌው የጠፋ ሰው ገዳይ ይመስላል። ጠፍቶ የት ሄደ? ጎረቤት ወረዳ ሄዶ እጁን ለፖሊስ ከሰጠ የሸሸው ከሕግ ሳይሆን ከሟች ዘመዶች ነው። የተያዘበትን መዝገብ አውጡ።

ሟች ከመሞቱ በፊት የተናገረው ቃል። ማን ሰማው? ሟች በምን ሁኔታ ነበር? ሐኪሙ ቁስሉ ወዲያው የሚገድል ነው ካለ፣ ግማሽ ሰዓት ተናገረ የሚለው ምስክር ከየት መጣ?

የአካባቢ ማስረጃ፣ ማለትም ድርጊቱን በቀጥታ ሳያሳይ ከዙሪያው ሁኔታዎች ተደምሮ የሚመጣው። አብረው ሲጠጡ ታይተዋል፣ ተጣልተው ነበር፣ ልብሱ ላይ ደም ነበር። ሰንሰለቱ እያንዳንዱ ቀለበት ተረጋግጦ፣ ሁሉም ወደ ተከሳሹ ብቻ ማመልከት አለበት። ሌላ ምክንያታዊ ማብራሪያ ከተረፈ ጥርጣሬው ለተከሳሹ ነው። ደሙ የማን እንደሆነ ተመርምሯል? የወደቀውን ሰው ያነሣም ልብሱ ደም ይነካል።

የአስከሬን ምርመራ ወረቀት ብዙ ጊዜ አጭር ነው፤ የሕክምና ቃሉም ሰውን ያስፈራል። ሦስት ነገር ብቻ ፈልጉ፦ የቁስሉ ቦታና ቁጥር፣ የሞት ምክንያት፣ የተገመተው ጊዜ። ከዚያ አንድ ወዳጅ ሐኪም ያንብብላችሁ።

አምስተኛ፦ የክርክሩን ሥርዓት መርምሩ

እስካሁን ያልነው ማስረጃው አይበቃም ነው። ሁለተኛው መንገድ ማስረጃው የተሰማበት መንገድ ትክክል አልነበረም የሚለው ነው። ሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 20 ይህን በዝርዝር አስቀምጦታል፦ ክሱን በጽሑፍ በበቂ ዝርዝር ማወቅ፣ እንደ ንጹሕ መቆጠር፣ በራስ ላይ እንዲመሰክሩ አለመገደድ፣ የቀረበውን ማስረጃ መመልከት፣ ምስክሮችን መጠየቅ፣ መከላከያ ማስረጃ ማቅረብና ማስቀረብ፣ በመረጡት ጠበቃ መወከል፣ አቅም ከሌለና ፍትሕ የሚጓደል ከሆነ በመንግሥት ወጪ ጠበቃ ማግኘት፣ ቋንቋው ካልገባ አስተርጓሚ ማግኘት፣ ይግባኝ ማለት። ኢትዮጵያ በ1985 ዓ.ም. የተቀበለችው ዓለም አቀፍ የሲቪልና የፖለቲካ መብቶች ቃል ኪዳን አንቀጽ 14ም ከዚህ ጋር አንድ ነው፤ ሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 13(2) ደግሞ እነዚህ መብቶች ከእንዲህ ዓይነት ስምምነቶች ጋር በሚጣጣም መንገድ እንዲተረጎሙ ያዛል።

ዝርዝሩን ግን ማመልከቻ ላይ መገልበጥ ዋጋ የለውም። ዳኛው አንቀጽ 20ን ያውቀዋል። የማያውቀው በጥቅምት 9 ቀን ሦስት ምስክሮች ሲሰሙ ተከላካይ ጠበቃው አለመቅረባቸውን፣ ችሎቱ ግን «ተከሳሽ ራሱ ይጠይቅ» ብሎ መቀጠሉን፣ እሱም «የምጠይቀው የለኝም» ማለቱን ነው። ከዚያ የሚቀጥለው ጥያቄ፦ ምን ጎዳው? ጠበቃ ቢኖር ኖሮ ምስክሩን ስለ አምፖሉና ስለ ንድፉ ይጠይቀው ነበር። ጉድለቱንና ጉዳቱን አያይዛችሁ ካላቀረባችሁ ይግባኝ ሰሚው «ስህተት ቢኖርም ውጤቱን አይለውጥም» ብሎ ያልፈዋል። ቀደም ሲል እመለስበታለሁ ያልኩትም ይኸው ነው፤ የሥር ጠበቃ መጠየቅ ሲገባው ያልጠየቀውን በዚህ መንገድ ታነሡታላችሁ፤ ያለ ስድብ። የተከላካይ ጠበቆች የሚሸከሙት የመዝገብ ብዛት ሁሉም ዳኛ የሚያውቀው ነገር ስለሆነ ሰውየውን ማዋረድ አይጠቅማችሁም።

«ገድያለሁ» የሚለው የእምነት ክህደት ቃል የተለየ ጥንቃቄ ይፈልጋል። አንድ ገበሬ ክሱ ሲነበብለት «አዎ ገድያለሁ፤ በመጥረቢያ ሊከተክተኝ መጥቶ ነው» ቢልና መዝገቡ «ተከሳሹ አምኗል» ብሎ ቢዘጋው ስህተት ነው። የሥነ ሥርዓት ሕጉ አንቀጽ 134 ለጥፋተኝነት ውሳኔ የሚበቃው የወንጀሉን ፍሬ ነገር በሙሉ ያለ ማመንታት ማመን እንደሆነ ይናገራል። ራስን መከላከል እያነሣ ያመነ ሰው አላመነም። ይህን በጊዜ አለማንሣት ያስቀጣል፤ ምክንያቱም በእምነቱ የተፈረደበት ሰው በአንቀጽ 185 መሠረት ይግባኝ ማለት የሚችለው በቅጣቱ ላይ ብቻ ነው።

በአስተርጓሚ የተሰማ መዝገብ ከሆነ አስተርጓሚው ማን እንደነበረ ተመልከቱ። የመረመረው ፖሊስ ራሱ ሆኖ ከተገኘ ሌላ ምክንያት አግኝታችኋል። በአዋጅ ቁጥር 699/2003 ማንነታቸው ተሸፍኖ የተሰሙ ምስክሮች ካሉ ደግሞ ፍርዱ በእነሱ ቃል ላይ ብቻ ቆሞ እንደሆነ መርምሩ።

ስድስተኛ፦ አቤቱታውን ጻፉ

የሥነ ሥርዓት ሕጉ አንቀጽ 189 የቅሬታ ምክንያቶቹ በአጭሩና በየርእሳቸው ተለይተው እንዲቀርቡ ያዛል። «የሥር ፍርድ ቤት ማስረጃን ሳይመዝን በሐሰተኛ ምስክሮች ቃል ተመርቶ ልጄን ለ18 ዓመት ጽኑ እስራት የዳረገው በመሆኑ…» የሚለው አጻጻፍ ስሜት እንጂ ምክንያት የለበትም። ይኸኛውን ተመልከቱ፦

«አንደኛ ምክንያት። የሥር ፍርድ ቤት ይግባኝ ባይን ጥፋተኛ ያለው በ1ኛ የዐቃቤ ሕግ ምስክር ቃል ነው (ፍርድ ገጽ 6)። ምስክሩ ሟች ፊት ለፊት ደረቱን ተወጋ ብሏል (ገጽ 22)። በዐቃቤ ሕግ በኩል የቀረበው የአስከሬን ምርመራ ቁስሉ አንድ ብቻ ሆኖ በጀርባ በኩል መሆኑን ይገልጻል (ገጽ 41)። ፍርዱ ስለዚህ ልዩነት ያለው ቃል የለም።»

አራት ዐረፍተ ነገር፣ አንድም ቅጽል የለም። ዳኛው ገጽ 41ን ይገልጣል። የሚገልጥ ዳኛ ካገኛችሁ ግማሹን መንገድ ሄዳችኋል።

ምክንያቶቹ አራት ወይም አምስት ቢሆኑ ይበቃል። ጠንካራውን አስቀድሙ። በ15 ምክንያት መካከል የተቀበረ ጥሩ ምክንያት አይታይም። በመጨረሻ የምትጠይቁትን ዳኝነት በግልጽ ጻፉ፦ ጥፋተኝነቱ ተሽሮ በነጻ ይሰናበት፤ ይህ ካልሆነ አንቀጹ ይለወጥ፤ ይህም ካልሆነ ቅጣቱ ይቀነስ።

ሰባተኛ፦ አማራጩን በጥንቃቄ ያዙ

የወንጀል ሕጉ አንቀጽ 539 ከባድ የሰው ግድያን በዕድሜ ልክ እስራት ወይም በሞት፣ አንቀጽ 540 ተራ የሰው ግድያን ከ5 እስከ 20 ዓመት በሚደርስ ጽኑ እስራት ይቀጣል። አንቀጽ 541 ከመከላከል ወሰን በማለፍ ወይም በከባድ ቁጣና ድንገተኛ ስሜት የተፈጸመውን ከ5 ዓመት በማይበልጥ ቀላል እስራት ያያል። አንቀጽ 543 የቸልተኝነት ግድያ ነው። ከሞት ፍርድ እስከ ቀላል እስራት ያለው ርቀት የሚወሰነው «አስቦ ነው ወይ? ጨካኝነቱን የሚያሳይ ሁኔታ ነበር ወይ?» በሚሉ ጥያቄዎች ነው፤ እነሱም በማስረጃ መረጋገጥ አለባቸው። በፍርዱ ውስጥ «በጭካኔ» የሚል ቃል ብቻ ካለና የትኛው ድርጊት ጭካኔ እንደሆነ ካልተነገረ፣ ከ539 ወደ 540 ለማውረድ ጥሩ መነሻ አላችሁ። አንድ ዱላ ተመትቶ ወድቆ ከሳምንት በኋላ ሆስፒታል ውስጥ የሞተ ሰው መዝገብ ላይ ደግሞ የመግደል ሐሳብና የሞቱ ምክንያት ሁለቱም አጠያያቂ ናቸው፤ በአንቀጽ 24 የድርጊትና የውጤት ትስስር መረጋገጥ አለበት።

አደጋው እርስ በርሱ የሚጋጭ ክርክር ነው። «እዚያ አልነበርኩም» ያለ ሰው «ራሴን ስከላከል ነው» ሊል አይችልም። ሁለቱንም የጻፈ ጠበቃ ሁለቱንም ያጣል። የደንበኛችሁን ታሪክ አስቀድማችሁ ከእሱ ጋር ቁጭ ብላችሁ ቁረጡ። አማራጩን ግን «የሥር ፍርድ ቤት የተቀበለው ፍሬ ነገር እንዳለ ቢወሰድ እንኳ ይህ ድርጊት ከ540 አያልፍም» ብላችሁ ማቅረብ ትችላላችሁ፤ ያኔ ድርጊቱን አላመናችሁም።

ስምንተኛ፦ አዲስ ማስረጃ

ይግባኝ አዲስ ክርክር አይደለም። ቢሆንም የሥነ ሥርዓት ሕጉ አንቀጽ 194 ይግባኝ ሰሚው ተጨማሪ ማስረጃ አስፈላጊ መስሎ ከታየው ምክንያቱን ጽፎ ምስክር እንዲጠራ ይፈቅዳል። የምትጠይቁት ማስረጃ ምን እንደሆነ፣ ለምን በሥር ፍርድ ቤት እንዳልቀረበ፣ የትኛውን ነጥብ እንደሚለውጥ በአንድ ገጽ ጻፉ። «ተጨማሪ ምስክሮች አሉን» ብሎ አሥር የዘመድ ስም መደርደር መዝገቡን ያረክሰዋል። የአስከሬን ምርመራውን የጻፈው ሐኪም ችሎት ቀርቦ ካልተጠየቀ እሱ እንዲጠራ መጠየቅ ከአሥሩ ይሻላል።

ዘጠነኛ፦ ችሎቱ

መጀመሪያ የሚሰማው ጥያቄ ይግባኙ «ያስቀርባል ወይስ አያስቀርብም» የሚለው ነው። በቂ ምክንያት ካልታየ ዐቃቤ ሕግ ሳይጠራ ይሰረዛል፤ ብዙ ይግባኝ የሚሞተው እዚህ ነው። ስለዚህ የመጀመሪያው ገጽ ሁሉን ተሸካሚ ነው። ያስቀርባል ከተባለ ይግባኝ ባይ ይናገራል፣ ዐቃቤ ሕግ ይመልሳል፣ ይግባኝ ባይ የመልስ መልስ ይሰጣል። ለቃል ክርክሩ ያን ሦስት ክፍል ያለው ደብተር ይዛችሁ ግቡ። ዳኛው ሲያቋርጣችሁ ደስ ይበላችሁ፤ የሚጠይቅ ዳኛ እያነበበ ነው።

አብረው የተፈረደባቸው ሰዎች ካሉና አንዱ ብቻ ይግባኝ ካለ የዚሁን ሥነ ሥርዓት ሕግ አንቀጽ 196 አስታውሱ። ውሳኔው ይግባኝ ያላሉትንም የሚጠቅም ሲሆን ለእነሱም እንዲሠራ መጠየቅ ይቻላል።

አሥረኛ፦ ሰበር

ፍርዱ በይግባኝ ከጸና የሚቀረው ሰበር ነው፤ አቤቱታው የመጨረሻው ውሳኔ በተሰጠ በ90 ቀን ውስጥ ይቀርባል። ሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 80 የሰበር ሥልጣንን በመሠረታዊ የሕግ ስህተት ይወስነዋል። «ምስክሩ ውሸታም ነው» እዚያ አይሰማም። የሚሰማው ሕጉ ነው፦ ተከሳሹ ሊከላከልበት በማይገባ ማስረጃ ላይ ተከላከል ተብሏል፤ የማስረዳት ሸክሙ ወደ ተከሳሹ ዞሯል፤ በማስገደድ የተገኘ ቃል ተቀባይነት አግኝቷል፤ ያልተረጋገጠ የሐሳብ ክፍል እንደተረጋገጠ ተወስዷል። ከአምስት ያላነሱ ዳኞች የተሰየሙበት የፌዴራል ሰበር ሰሚ ችሎት የሚሰጠው የሕግ ትርጉም ሌሎችን ፍርድ ቤቶች ያስገድዳል፤ ውሳኔዎቹም በቅጽ በቅጽ ታትመው ይገኛሉ። ከጉዳያችሁ ጋር የሚመሳሰል አንድ ውሳኔ ፈልጋችሁ ሙሉውን አንብቡት። ርእሱን ብቻ አይቶ መጥቀስ ዐቃቤ ሕጉን ማስታጠቅ ነው።

ተሳክቶ ልጁ በነጻ ከተሰናበተ የመፍቻ ትእዛዙን ራሳችሁ ተከታትላችሁ ማረሚያ ቤት አድርሱ፤ በሌላ መዝገብ የሚፈለግ መሆን አለመሆኑንም አስቀድማችሁ አጣሩ። ዐቃቤ ሕግም በበኩሉ ቅሬታ ሊያቀርብ ስለሚችል አድራሻው ይታወቅ። ወደ ቀበሌው ከመመለሱ በፊት ደግሞ ያ ሽማግሌ እንደገና መላክ አለበት፤ ፍርድ ቤት ነጻ ያወጣውን ሰው የሟች ወንድም ገና አላወጣውም። አንድ ደንበኛዬ ከማረሚያ ቤት ወጥቶ አምስት ወር ሌላ ከተማ አክስቱ ቤት ቆየ። እርቁ የተፈጸመው በሰኔ ነው፤ ማሳውን ያረሰው በሚቀጥለው ዓመት።